ሽበታሙ የእናቴ ልጅ

የበኩርነት ቦታዬን፣ የአባቴን ቤት እኩሌታና «የታዬ እናት» የሚለውን የእናቴን መጠሪያ የከሰርኩት የወተት ጥርሴ ረግፎ ሳያልቅ ነው። በምትኩ ያገኘሁት በበቅሎ ጀርባ እስከ ሶር ወንዝ ደርሶ መልስ ነበር። ከዚያ ወዲህ ብዙ ነግጃለሁ፤ የዚያን ያህል የተበላሁበት ገበያ ግን ትዝ አይለኝም።

አባቴ በጋምቤላ መንገድ ንዳድ ይዞት ሞተ። ከመቱ ቡና ጭኖ በጎሬና በቡሬ አድርጎ ቆላ ሲወርድ አብሮት የኖረው ሸሪኩ ጋሼ ደምሴ፣ በቅሎዎቹንም መርዶውንም ይዞ ተመለሰ። ሚስት የለው፣ ልጅ የለው፤ ጺሙ የነጣ ሰው ነው። እንደ ልማዱ በጓሯችን ባለችው እቃ ቤት ማደሩን ቀጠለ። የዚያች ቤት ሽታ ዛሬም አፍንጫዬ ውስጥ አለ፤ የስልቻ ቆዳ፣ የበቅሎ ላብ፣ እርጥበት የያዘ፣ ገለባው ያልተላቀቀ ጀንፈል ቡና። ዝናብ ሲጥል ከጎረቤት ልጆች ጋር ከስልቻ ስልቻ እየዘለልን እንጫወት ነበር። እሱ በቅሎ ባይነዳልን ኖሮ ስልቻውም ጨዋታውም አይኖርም ነበር።

የሰው አፍ ግን ዝም አላለም። ባሏ የሞተባት ሴት ከባዕድ ወንድ ጋር በአንድ አጥር ግቢ! ወሬው ኡካ ድረስ ሄዶ እዚያ የሚኖረውን የአባቴን ታላቅ ወንድም አጎቴ በላቸውን ይዞት መጣ። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ በግቢያችን ዋንዛ ሥር ሽማግሌ ሰብስቦ ፍርዱን ተናገረ፦ «ወይ ታግባ፣ ወይ ሰውዬውን ታስወጣ። አለዚያ የወንድሜን ልጅ ይዤ እሄዳለሁ።»

ኡካን አላውቀውም። የአጎቴን ልጆች እግር ግን አይቻለሁ፤ የአለንጋ ሰንበር የሌለበት አልነበረም። የእናቴን ቀሚስ ጨምድጄ ያዝኩ።

ሽማግሌዎቹ ነገሩ ቀላል መሰላቸው። ደምሴ ያግባት፣ በቃ። እሱም ያን ቀን ጋቢውን አሳጥቦ፣ ጺሙን ቅቤ አስነክቶ ነበር የተቀመጠው።

«ባል አልፈልግም» አለች እናቴ።

«ታመሽ ነው ልጄ?» አሏት የንስሐ አባቷ።

«ደኅና ነኝ አባ። በቅሎ የሚነዳልኝ ሰው እፈልጋለሁ። ባል ግን አልፈልግም።»

ሰው ገደልኩ ብትል ያን ያህል አይደነግጡም ነበር። የገደለ ጉማ፣ የደም ካሳ፣ ይከፍላል፤ ባል አልፈልግም ላለች ሴት ግን ምን እንደሚቆረጥ ያወቀ አልተገኘም። ሲተያዩ እሷ ቀጠለች፦ «ደምሴን የጡት ልጄ አደርገዋለሁ። ልጅ እናቱ ቤት ቢያድር ማን ምን ይላል?»

የጡት ልጅነት ሁሉም የሚያውቀው ወግ ነው። ድሃው የጌታውን ማር የተቀባ አውራ ጣት ይጠባና ልጅ ይባላል፤ ይወርሳልም። ጺማም ሰው በዕድሜ ለምታንሰው እናት ልጅ ሲሆን ግን ያየ የለም። የሚከለክል ሕግም አልተገኘ። አጎቴ ሳቀ።

«አውራ ጣት የጌቶች ነው፤ አንቺ ጌታ አይደለሽ። ጡት ካልሽ ጡት ነው! እዚሁ፣ በሽማግሌ ፊት!»

እፍረት ያስቆማታል ብሎ ነው። ሽማግሌዎቹም አንድ ነገር ጨመሩ፤ የአብራኳ ልጅ ካልፈቀደ አይሆንም። ጋሼ ደምሴ ፊቴ ቁጢጥ አለ። ፊቱ አመድ መስሏል።

«ታዬ፣ ወንድም ትሆነኛለህ?»

«በቅሎዋን ታስጋልበኛለህ?»

«እስከ ሶር።»

«ደርሶ መልስ?»

«ደርሶ መልስ።»

«እሺ።»

ጎረቤታችን ኦቦ ገመዳ «ኢልመ ነጋዴ!» ብለው የነጋዴ ልጅነቴን መሰከሩልኝና ግቢው ሳቀ። ሳቁ ብዙም አልቆየ። እናቴ ከጓዳ የማር ቅል ይዛ ወጣች። መቀነቷን ፈታች። ቀሚሷን ከትከሻዋ አወረደችና በጣቷ ማር ዝቃ ጡቷን ቀባች። ዋንዛው ሥር የነበረ ሰው ሁሉ አንገቱን ደፋ፤ ቀድሞ በጋቢው ፊቱን የሸፈነው አጎቴ ነው። ጋሼ ደምሴ ተንበርክኮ ጠባ። አንዷ ሴት እልል ልትል ጀምራ አፏን በእጇ ያዘች። የእኔ ነው ብዬ መጮህ ፈለግሁ።

«ልጄ ነው» አለች እናቴ መቀነቷን እየታጠቀች። «ምሳ ቀርቧል።»

ለይስሙላ መስሎኝ ነበር። እሷ ግን የምሯን ነበር። ጥፍሩን ትቆርጥለታለች፣ ጠጅ አብዝቶ ሲመጣ በር ላይ ታስቆመዋለች፣ ጉርሻም ከእኔ በፊት ለእሱ ሆነ፤ ታላቅ ነዋ! «እማዬ ልውጣ?» ብሎ ሲጠይቃት ገበያተኛው መጀመሪያ ይስቅ ነበር፤ በኋላ ለመደው። «የደምሴ እናት፣ ቡናው ስንት ነው?» ይሏታል። አንድ ሰው «የታዬ እናት» ይላታል ብዬ የምጠብቀው እኔ ብቻ ነበርኩ።

አንድ ጊዜ ብቻ፣ ሞቅ ብሎት፣ «ባሏ ልሆን መጥቼ ልጇ ሆንኩ» አለኝ። ወዲያው ደነገጠ። «እማዬ እንዳትሰማ፣ አደራ!»

ስትሞት ከሁለታችን ይበልጥ ያለቀሰው እሱ ነው። ቤቱን እኩል ተካፈልን። በዓመቱ እሱም ከእግሯ ሥር ተቀበረ።

ዛሬ መቱ ውስጥ ባል ሳታገባ ነግዳ ልጇን የምታሳድግ ሴት ሞልታለች። ሐሜቱ አልቀረም፤ ልብሷን የሚያስፈታት ሸንጎ ግን የለም። ሳያቸው ደስ ይለኛል፤ ደግሞም የዚያ እሁድ ድንጋጤ እስካሁን አልለቀቀኝም። ማን እንዳሳፈረ፣ ማን እንዳፈረ ዛሬም መለየት አቅቶኛል።

ሒሳቡ ሲዘጋ ይኸው ነው፤ እናቴ ባል አላገባችም፣ እኔም ኡካ አልሄድኩም።