ገበሬውን ማን ጠየቀው?

በዘጠናዎቹ መጀመሪያ ስቶክሆልም ውስጥ በአንድ የምህንድስና አማካሪ ድርጅት የኤሌክትሪክ መስመር ነዳፊ ሆኜ ተቀጠርኩ። የመጀመሪያ ቀን ሥራዬ ንድፍ ሳይሆን ስብሰባ ነበር። ከከተማው ወጣ ብሎ ባለ የፈረስ ግጦሽ ላይ ምሰሶ ሊተከል ነው፤ ባለመሬቷ ደግሞ ፈረሶቼ ይደነብሩብኛል ይላሉ። አለቃዬ ኡልፍ ቡና ጋብዞ ለመናቸው፤ እምቢ ሲሉ ሌላ ቀጠሮ ያዘ። እንዲህ እያልን ወራት አለፉ።

«እዚህ አገር ባለቤቱ ሳይጠየቅ እርሻው አይረገጥም» አለኝ። እኔ የመጣሁበት አገር መንግሥት መሬት ሲፈልግ ገበሬውን «ተነስ» ብቻ ነበር የሚለው። ስለዚህ የኡልፍ ነገር ደስ አሰኘኝ።

ከዚያ የሕንዱ ሥራ መጣ። የእኛ ድርሻ የከፍተኛ መስመሩን ምሰሶዎች ቦታ መወሰን ነበር። የደንበኛችን የሕግ ባለሙያ ሚስተር ራኦ ቢሯችን ድረስ መጥተው ሕጉን አስረዱን። እንግሊዞች ለቴሌግራፍ ሽቦ ባወጡት አሮጌ ሕግ መሠረት፣ መንግሥት ሥልጣን የሰጠው መስመር ዘርጊ በማንም ማሳ ማለፍ ይችላል። መሬቱ የገበሬው ሆኖ ይቆያል፤ ለጉዳቱም ካሳ ያገኛል። ፈቃዱ ግን አይጠየቅም።

የኡልፍ ፊት በራ። «እንግዲያው ከገበሬ ጋር ስብሰባ የለብንም!» አለ። ለፈረስ ስንት ቡና ያስቀዳው ሰውዬ!

ራኦ ከመሄዳቸው በፊት በመጀመሪያው ንድፋችን ካርታ ላይ አንድ ምሰሶ አሳዩኝ። «እዚህ ራማፓ የሚባል ገበሬ አለ። ምሰሶው የውሃ ጉድጓዱ አፍ ላይ ነው፤ መሠረቱ ሲቆፈር ጉድጓዱ ይደረመሳል። ሌላ ውሃ የለውም። ሕጉ በተቻለ መጠን ጉዳት አሳንሱ ይላል፤ ይሄ ደግሞ የእርስዎ ሥራ ነው» አሉኝ።

ምሰሶውን ከጉድጓዱ አርቄ በአንድ ጠዋት ነደፍኩትና ለፊርማ ወደ ኡልፍ ወሰድኩት።

«ጥሩ ነው። ግን ሁሉም ይስማማበት።»

ሁሉም ማለት የመሠረቱ ሰው፣ የብረቱ ሰው፣ የበጀቱ ሰው፣ የአካባቢ ጥበቃው ሰው ነው። አንዱ ሲገኝ ሌላው የለም። የስዊድን ግንቦት ደግሞ በዓል በበዓል ነው።

«ኡልፍ፣ እነሱ ዘንድ ሰኔ ላይ እንደ እኛ አገር ክረምት ይገባል። ተቋራጩ በእጁ ባለው አሮጌ ንድፍ ከዝናቡ በፊት ነው የሚቆፍረው» አልኩት።

«ሰኔ? በጣም ቆንጆ ወር ነው እኮ! ያኔ ተረጋግተን እንወስናለን።»

«እሺ፣ ያን ምሰሶ ለጊዜው አቆዩት ብዬ ልላክላቸው?»

«ያልተስማማንበትን ነገር ወደ ውጭ አንልክም።»

ማታ ከከተማው ዳር ሃሉንዳ የሚባል ሰፈር ካለው ቤቴ ስገባ ባለቤቴ አልማዝ ፊቴን አይታ ገባት።

«ዛሬም አልተፈረመም?»

«የበጀቱ ሰውዬ ሴሜስተር፣ የዓመት ዕረፍቱን፣ ወጥቷል። እስኪመለስ ይጠበቃል።»

«የፈረስ ስሜት የሚጠብቁ ሰዎች፣ ሰውን መጠየቅ እንዴት አቃታቸው? ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ!» አለች።

ሰኔ ላይ ንድፉ በሙሉ ድምፅ ጸደቀ። ለስምምነቱ ኬክ ተቆረሰ። ኬኩን ትቼ ንድፉን በፋክስ ላክሁ፤ ወዲያው ራኦ ደወሉ።

«ዘገያችሁ። በአሮጌው ንድፍ ተቆፍሯል፤ ጉድጓዱም ተደርምሷል። በሕግ በኩል ማንንም መክሰስ አይቻልም» አሉኝ።

«ገበሬው አልተቃወመም?»

«እንዴት ይቃወም? የነገረው ሰው የለም። ካሳውን ይዤ ስሄድ ምን አለኝ መሰለዎት? ‹ቀድማችሁ ብትጠይቁኝ ከወዲያ ያለውን ጭንጫ መሬት እሰጣችሁ ነበር።›»

እኔም ምሰሶውን ያዞርኩት ወደዚያው ጭንጫ ነበር። ለኡልፍ ነገርኩት። ከልቡ አዘነ፤ ከዚያ «ግን እኮ ሁላችንም ተስማምተን ነበር» አለ። እንዳልሳደብ ብዬ ከክፍሉ ወጣሁ።

መስመር ለምትነድፉ ወጣቶች፦ ፈቃድ አያስፈልግም ማለት አትጠይቁ ማለት አይደለም። መጀመሪያ ባለማሳውን ጠይቁ፤ ቢሮው ቆይቶ ይስማማል።