እምቢ ባዮቹ ቁጥሮች

ዛሬ ጠዋት ሙጫ ጠጣሁ። የልጅ ልጄ የደብተሯን ሽፋን ልትለጥፍበት ዱቄት በውሃ በጥብጣ፣ እሳት ላይ አማስላ፣ በኩባያ ጠረጴዛው ላይ ትታው ሄዳ ኖሮ፣ እኔ መነጽሬን ሳላደርግ አጥሚት መስሎኝ፣ ያውም ጣዕም አንሶታል ብዬ ሁለት ማንኪያ ስኳር ጨምሬበት እስከ ግማሽ አወረድኩት።

«አባባ፣ ሙጫዬን ጠጡት እንዴ?» አለችኝ በሩ ላይ ቆማ።

«ቀመስኩት እንጂ አልጠጣሁትም» አልኳት፣ ከንፈሬ እየተጣበቀብኝ።

እሷ ስትስቅ እኔን ግን ያ የሞቀ ዱቄት ሽታ ይዞኝ ሄደ፤ አባቴ በእንዲህ ያለ ሙጫ መጽሐፍ ውስጥ አንድ ቅጠል ወረቀት ሲለጥፍ፣ እኔም በሩን ተደግፌ በቅናት ስቃጠል ወደነበረበት ቀን።

አባቴ ያኔ ትንሽ በነበረችው ሐዋሳ፣ ከገበያው አጠገብ፣ ስኳርና ጨው፣ ሚጥሚጣና ሳሙና የሚሸጥባት ጠባብ ሱቅ ነበረችው። ዕቃ የሚጠቀልልበትን አሮጌ ወረቀት በኪሎ ይገዛ ነበር። በአንዱ በጋ ከመጣው ክምር መካከል አንድ ወፍራም የፈረንጅ የሒሳብ መጽሐፍ ወጣ፤ ከዳር እስከ ዳር ሰንጠረዥ፣ ቁጥር በቁጥር ላይ። አባቴ ሊቀደው ይዞ ሳለ እጁ ቆመና «ፊደሉ የፈረንጅ ነው፤ ቁጥሩ ግን የሁላችንም ነው» ብሎ ከሚዛኑ ጀርባ አስቀመጠው።

ከስድስተኛ ክፍል በላይ አልተማረም፣ አብዛኛው ሰንጠረዥም ምን እንደሆነ አልገባውም። መጨረሻ ላይ ያለውን ዝርዝር ግን ከጎረቤት ብርቱካን እያስመጣ፣ ባንኮኒው ላይ እየደረደረ ደረሰበት። «አሥራ ሁለት ብርቱካን በሦስት በሦስትም፣ በአራት በአራትም መደብ ይወጣዋል። አሥራ ሦስት ግን ወይ ሁሉንም በአንድ ትከምረዋለህ፣ ወይ አንድ በአንድ ትሸጠዋለህ፤ ሌላ መደብ እምቢ ይላል» አለን። ዝርዝሩ የእንዲህ ያሉት ቁጥሮች ነበር፤ እምቢ ባዮች ብሎ ስም አወጣላቸው። ትምህርት ቤት በኋላ ብቸኛ ቁጥር ይባላሉ ብለው አስተማሩኝ፤ እኔ ግን እስከ ዛሬ የአባቴን ስም ነው የማምነው።

እዚህ ላይ ነው ነፊሳ የገባችው። በሁለት ዓመት የምታንሰኝ እህቴ ናት። በበጋው ከሰዓት በኋላ ሙቀቱ ደንበኛን ሲያሳሳ፣ አባዬ መጽሐፉን በመዳፉ ከድኖ ቁጥር ይጠራል፣ እሷ «እምቢ ይላል» ወይም «ይመደባል» ትላለች፣ ከዚያ መዳፉን አንስቶ ያያል፣ ያያትና ፈገግ ይላል። ያ ፈገግታ የበኩር ልጁ የእኔ ሊሆን የሚገባው ነበር።

«ዘጠና አንድ?» አለ አንድ ቀን።

«እምቢ ይላል» አልኩ ዘልዬ ገብቼ።

«በሰባት በሰባት፣ አሥራ ሦስት መደብ ይወጣዋል» አለች ነፊሳ፣ ቀና እንኳ ሳትል።

አባዬ ሳቁን ዋጥ አድርጎ፣ «ከድር፣ ሂድ እስቲ ለእናትህ ውሃ ቅዳላት» አለኝ። ቀዳሁላት፤ ግማሹን መንገድ ላይ አፈሰስኩት።

በልግ እንደገባ፣ አባዬ ለጁምዓ መስጊድ በሄደበት፣ ከአራት ሺህ እስከ አምስት ሺህ ያሉት እምቢ ባዮች የተዘረዘሩበትን ቅጠል ገንጥዬ ቤት ከግድግዳው መስታወት ጀርባ ወሸቅኩት። ጨዋታው ይቆማል ብዬ ነበር። ቅጠሉ መጉደሉን ያወቀ ቀን ባንኮኒው ላይ ተቀመጠና «እኔው ነኝ። ለአንዷ ሚጥሚጣ ጠቅልዬበት ይሆናል» አለ። ማንንም አልጠረጠረም። ሱቃችን ውስጥ ወረቀት ሲጠፋ ከሚጥሚጣ ጋር እንደሄደ ይታወቃላ። ሳምንቱን ሙሉ የመጣችውን ደንበኛ ሁሉ «እቴ፣ መጠቅለያውን ጣልሽው?» እያለ ሲለምን፣ እናቴ «ሰውየው ሚጥሚጣውን ሸጦ ወረቀቱን ሊያስመልስ ነው» እያለች ታሾፍበት ነበር። እኔም አብሬ ስቄያለሁ፤ ምን ዓይነት ሰው ነኝ።

«ይሠራላ» አለች ነፊሳ መጨረሻ ላይ። «እኛው አካፍለን እናወጣዋለን።»

ክረምቱ ገባ። ዝናቡ ቆርቆሮውን እየደበደበ ሰው ሲያስቀር፣ ሁለቱ ትከሻ ለትከሻ ተጠጋግተው፣ በስኳር ወረቀት ላይ አንዱን ቁጥር በሦስት፣ በሰባት፣ በአሥራ አንድ እያሉ ሲያካፍሉ፣ እሷ ስትሠራ እሱ ሲያርም፣ እሱ ሲደክም እሷ ስትቀጥል፣ ሐምሌና ነሐሴ አለቁ። እኔ ሻይ አመላልስ ነበር። ቅጠሉን የቀደድኩት እነሱን ልለያያቸው ነበር፤ ጭራሽ አንድ ላይ ሰፋኋቸው።

መስከረም ላይ ሥራው አልቆ ንጹሕ ወረቀት ላይ ሲገለበጥ፣ ያየሁትን በቃሌ ይዤ ወደ መስታወቱ እየተመላለስኩ አመሳከርኩት። ሁሉም ልክ ነበር፣ ከአንዱ በቀር፤ አራት ሺህ አንድ መቶ ሰማንያ ዘጠኝ በእነሱ ቅጠል ላይ አለ፣ በእኔው ላይ የለም። የደስታዬን ነገር አልናገርም። ሮጬ ሱቅ ስገባ ሙጫው ተበጥብጦ፣ አባዬ ቅጠሉን ሊለጥፍ ጎንበስ ብሏል።

«አባዬ፣ ይሄኛው ቁጥር ግን ደህና ነው?»

«ዘጠና አንድን ያልፈታ ልጅ አራት ሺህ ላይ ምን አወጣው?» አለ አባዬ።

«ከድር ቀንቶ ነው» አለች ነፊሳ። ከዚያ ዞር ብላ፣ ከልቧ ልታውቅ ፈልጋ፣ «እሺ፣ በስንት ይመደባል?» አለችኝ።

ያ ሰንጠረዥ ማን እምቢ እንዳለ እንጂ ሌላው በስንት እንደተመደበ አይናገርም። ጓሮ ሄጄ በድብቅ ማካፈል ጀመርኩ፤ ሠላሳ አንድ ላይ ስደርስ ሰለቸኝና ተውኩት። ስመለስ ቅጠሉ ደርቋል።

በቀደም የልጅ ልጄን ስልክ ተውሼ ቁጥሩን ጻፍኩለት። ዓይኔን ጨፍኜ ሳልገልጥ መለሰ፤ ሃምሳ ዘጠኝ ጊዜ ሰባ አንድ። ጥቂት ብታገሥ ኖሮ፣ ሌብነቴን ሳልናዘዝ ስህተቱን ማሳየት እችል ነበር። ያኔ ክረምት የፈጀው ሥራ ዛሬ ለስልክ የትንፋሽ ያህል እንኳ አይደለም፤ ግን በስልክ ላይ ትከሻ ለትከሻ የሚጠጋጋ ሰው አላየሁም።

አባዬ አርፏል። ነፊሳ ሒሳብ ስታስተምር ኖራ ጡረታ ወጥታ እዚሁ ሐዋሳ፣ ምሥራቅ ክፍለ ከተማ ትኖራለች፣ መጽሐፉም እሷ ዘንድ ነው። በአረፋ ስንሰበሰብ ያቺን የእጅ ጽሑፍ ቅጠል ትገልጣለች፣ ልጆቹ የአያታቸውን ጠማማ «4» በጣታቸው ይነካሉ፣ እኔም በዚህ ዕድሜዬ እንደዚያን ቀን በሩን ተደግፌ እቀናለሁ። የእኔው ቅጠል ልክ ነው፣ አንድም ስህተት የለበትም፤ እስከ ዛሬ ግን የነካው ሰው እኔ ብቻ ነኝ። ከልጆቹ አንዱ ስልኩን አውጥቶ ያቺን የተሳሳተች ቁጥር ቢጽፍ፣ ነፊሳ ወይ በራሷ ታፍራለች ወይ በአባዬ፤ ያኔ አውቄ እንደጠየቅኩ እኔ ብቻ አውቃለሁ፣ ለምን ገልጬ እንዳልነገርኳትም።

ወደ እሷ ስሄድ ቅጠሉን አጥፌ በኮቴ ኪስ ይዤ እሄዳለሁ፤ ሻዬን ጠጥቼ ይዤው እመለሳለሁ። ለእህቴ አንድ ቅጠል ወረቀት አለብኝ፣ ፊቱም ጀርባውም በቁጥር የተሞላ።