የጥበቃዎቹ ሱሪ

መንግሥትን ስከስ አርባ አንድ ዓመቴ ነበር። ከዚያ በፊት ከሰስኩ ብል አጥሬን የነቀለውን ጎረቤቴን ነው፤ እሱንም ለዕድር ዳኛችን።

አብነት ሰፈር ውስጥ ሦስት ስፌት መኪና ያላት ሱቅ ነበረችኝ። አንድ መሥሪያ ቤት ለሠላሳ ጥበቃዎቹ የደንብ ልብስ ሊያሰፋ ጨረታ አወጣ፤ አሸነፍኩ። የጨርቁን መግዣ የሰጠችኝ አክስቴ ናት፤ እቁቧን ተለማምጣ ቀድማ አውጥታ። የሥራው ገንዘብ ሲከፈለኝ እኔ እየሰጠኋት በየእሑዱ ልትጥል ነው።

«እኔ እንደ እናትሽ ነኝ» አለችኝ፤ «የእቁቡ ሰብሳቢ ግን እንደ አባትሽ አይደለም፤ እንዳታዘገዪብኝ።»

ሱሪው ላይ ስደርስ የኪስ ጨርቅ አለቀብኝ። አክስቴ የድሮ የሳሎን መጋረጃዎቿን ተሸክማ መጣች፤ ጥቅል ጎመን የሚያካክል ቀይ ጽጌረዳ ያለባቸው።

«ኧረ ሰው ምን ይላል?»

«የሰው ኪስ ማን ገልብጦ ያያል፣ ሞኝ!»

ልብሱን ያደረስኩት ዓርብ ከሰዓት ነው። የንብረት ክፍል ኃላፊው ለቅሶ ሊሄድ ተነሥቷል። «ደረሰኙን ሰኞ ነይና ውሰጂ» አለኝ። ለቅሶ የሚሄድ ሰው ይያዛል እንዴ? ደግሞስ መንግሥት የት ይሄዳል ብዬ ባዶ እጄን ተመለስኩ። እውነትም መንግሥት የትም አልሄደም። ሰውዬው ግን ሰኞ ስመለስ ተዛውሯል። አዲሱ መዝገቡን አገላብጦ «የገባ ልብስ የለም» አለኝ። ይህን ሲለኝ በሩ ላይ የቆመው ጥበቃ እንኳ የኔን ሱሪ ለብሷል!

ስምንት ወር ተመላለስኩ። አክስቴ የምትጥለው ስታጣ እሑድ እሑድ ሱቄ ውስጥ ከጨርቁ ጥቅል ጀርባ ትደበቅ ጀመር። ዕድሜዋን ሙሉ ቃሏን ያልበላች ሴት! ይሄኔ ነው ልደታ ፍርድ ቤት የሄድኩት። ለጠበቃ የምከፍለው ስላልነበረኝ ክሱን ራሴ ጻፍኩት፤ ዘጠኝ ገጽ ሆነ። የመዝገብ ቤቷ ልጅ አንብባ ስትጨርስ «እትዬ፣ ታሪኩስ ደስ ይላል፤ ግን የሚጠይቁት ምንድን ነው?» አለችኝ።

የክርክሩ ቀን የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ቆመና፣ ጥበቃዎቹ የለበሱት ከሌላ ድርጅት የተገዛ ነው፣ ከሳሽም ያስረከበችበት ማስረጃ የላትም አለ። ፋይሉን ተሸክሞለት የመጣው ያ የበሩ ጥበቃ ነው። ዐይኔ ሱሪው ላይ አረፈ።

«የተከበሩ ዳኛ፣ ኪሱን ይገልብጥልኝ!»

ዳኛዋ መነጽራቸውን ዝቅ አደረጉ። «የማንን ኪስ?»

«የዚያን ሰውዬ። ውስጡ ቀይ ጽጌረዳ ከሌለው ክሴን እተዋለሁ።»

ጥበቃው ነገረ ፈጁን አየ፤ ነገረ ፈጁ ጣሪያውን።

«ይገልብጡ» አሉ ዳኛዋ።

መጀመሪያ ቆሎ ረገፈ፤ ቀጥሎ የታክሲ ሳንቲም፤ ከዚያ ጽጌረዳው ብቅ አለ።

«መጋረጃዬ!» ብላ አክስቴ ከኋላ ወንበር ብድግ አለች።

«እማማ፣ ይቀመጡ!»

«እሺ የኔ እመቤት፣ ግን ልጄን ስድር የሰቀልኩት ነው!»

ችሎቱ በሳቅ ፈረሰ። ዳኛዋ ፊታቸውን በመዝገቡ ከለሉ። ጥበቃው ቆሎውን እየለቀመ «እኔማ መሥሪያ ቤቱ አስቦልኝ መስሎኝ» አለ።

የሌሎቹም ኪስ እንዲታይ ታዘዘ፤ ሁሉም አበባ ሆኖ ተገኘ። ተፈረደልኝ። ፍርዱን ለማስፈጸም ደግሞ «በጀት ተዘግቷል» እየተባልኩ ስድስት ወር ተንከራተትኩ።

ገንዘቡ የተከፈለኝ ዕለት የአክስቴን ሰጠኋት። እሑድ እቁቡ ቤት ሄዳ ያለባትን ሁሉ አንድ ላይ ጣለች። ከዚያ ወደ ሱቄ መጣች፤ ጫማዋን አውልቃ በርጩማ ላይ ተቀመጠች። ሻይ አምጥቼ ስመለስ ግድግዳውን ተደግፋ ተኝታለች።