እንዴት ነበርኩ?

ተዋናይ የሚባል ፍጥረት ከመድረክ ሲወርድ እውነት አይነገረውም። በእንግሊዝ ቲያትር ቤቶች ይሄ ከሕግ የጠነከረ ልማድ ነው። ሰውየው እንደ ጅብራ ተገትሮ ቢያመሽ፣ የተለጠፈለት ጢም ተላቅቆ ሾርባው ውስጥ ቢገባ፣ መልበሻ ክፍሉ ድረስ ሄደው የሚሉት አንድ ነገር ነው፦ «ግሩም ነበርክ የኔ ጌታ!» ጉንጩን ይስሙታል። ከዚያ መንገድ ማዶ ካለው መጠጥ ቤት ቁጭ ብለው ሥጋውን ይቦጫጭቁታል።

ፔግ ኦልሮይድ ይህን ውሸት የጠላችው በሃያ ሁለት ዓመቷ ነው። ሥራዋ ሞርካም በምትባል የባሕር ጠረፍ ከተማ፣ ሎርን ቲያትር ውስጥ፣ ከመጋረጃው ግራ ጥግ በርጩማ ላይ ተቀምጦ፣ ጽሑፉን በጣት እየተከተሉ፣ ቃል ለጠፋበት ተዋናይ ሹክ ማለት ነበር። በዚያ ዘመን ሚስተር ፔንሮዝ የሚባሉ ሽማግሌ ተዋናይ ነበሩ። አንድ ምሽት ቃሉ ጠፋባቸውና ከሌላ ተውኔት የሚያውቁትን ማውራት ጀመሩ። ፔግ ሹክ ብትል፣ ብትደግም፣ የሚሰማት የለም። ሕዝቡ ፉጨቱን ለቀቀው። መጋረጃው ሲዘጋ ግን ባልደረቦቻቸው ተሰልፈው «ግሩም ነበሩ!» አሏቸው። እሳቸውም አምነው በማግስቱ መጡ። በሦስተኛው ሳምንት ሰዉ ተውኔቱ ምንም ይሁን ምን በሳቸው ሊስቅ ትኬት ይገዛ ጀመር። አሳዳጊ የበደለው ሁሉ!

ያን ሰሞን ሁለት ልጃገረዶች ከባሕሩ ግንብ ላይ እግራቸውን አንጠልጥለው፣ በጋዜጣ የተጠቀለለ የድንች ጥብስ በሆምጣጤ እያራሱ ይበላሉ። አንደኛዋ ፔግ ናት። ሁለተኛዋ ቤሪል ሃርጌት፤ ከጥጥ ፋብሪካ ሰፈር የመጣች የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ተዋናይት፣ ሎርን ከገባች ገና ሁለት ወሯ።

«ፔግ፣ እኔ እንደሳቸው ብሆን ትነግሪኛለሽ?» አለች ቤሪል።

«አንቺ? አንቺ እኮ የስልክ ማውጫ ቢሰጡሽ በቃልሽ የምትወጪው ጉድ ነሽ!»

«አትቀልጂ። መድረክ ላይ ከጠፋሁ ፊት ለፊት ንገሪኝ። ያን ቀን አቆማለሁ። መሳቂያ ሆኜ አልኖርም። እናቴ ትሙት በይ።»

«እናቴ ትሙት።»

ቤሪል የመጨረሻዋን ድንች ሰጠቻት። ነገሩ በዚሁ ተዘጋ።

እውነትም የቤሪል ጭንቅላት ጉድ ነበር። በሎርን በየሳምንቱ አዲስ ተውኔት ይወጣል። ማታ የዚህን ሳምንት ይጫወታሉ፣ ቀን የሚመጣውን ይለማመዳሉ፣ አልጋ ላይ ደግሞ ቀጥሎ ያለውን ያጠናሉ። ሌሎቹ ጥፍራቸውን ሲበሉ እሷ ከምትከራይበት ቤት እስከ ቲያትሩ ስትራመድ አንብባ ትጨርሰዋለች። አንዲት ነገር ብቻ አፏን ሞልታ አትናገርም፦ የተውኔቱን የመጨረሻ ቃል። ይሄም የቤቱ ልማድ ነው። ተመልካች ሳይኖር ተውኔት ከተፈጸመ ገደቢስ ነው፤ ቤቱን ያዘጋል ይባላል። ስለዚህ በልምምድ ላይ እዚያ ጋ ሲደርሱ፣ ባለ ተራው «ላ ላ ላ» ብሎ ያልፋታል። ቃሏ የምትወለደው በመጀመሪያው ትርኢት፣ ሰው ፊት ነው።

ከአራት ዓመት በኋላ ቤሪል ለንደን ገባች፣ ፔግ ከበርጩማዋ አልተነሣችም። ቤሪል አንድ ተዋናይ አግብታ ፈታች፤ ልጅም አልወለደች። እሑድ እሑድ ለፔግ ትደውላለች። አንድ ጊዜ ፔግ ለንደን ድረስ ባቡር ተሳፍራ አየቻትና ሌላው ሰው ሁሉ «ግሩም!» ሲላት፣ «እንደ ትራፊክ ፖሊስ እጅሽን ታወናጭፊያለሽ» አለቻት። ቤሪል ሁለት ወር አኮረፈች። በሦስተኛው ደወለችና፣ «ልክ ነሽ፣ አንቺ ጠንቋይ፤ እጄን ኪሴ ከትቼዋለሁ» አለች። ከዚያ ወዲህ «ግሩም» የሚል ቃል ከፔግ አፍ ወጥቶ አያውቅም፤ «ደህና ነበርሽ» እንኳ የወጣው በጣት ለሚቆጠር ጊዜ ነው። ቤሪልም ያቺን በጣት የምትቆጠር «ደህና» ከሽልማት አብልጣ ትይዛት ነበር።

ሕዝብ ያወቃት ግን በቴሌቪዥን ነው። በአንድ ተከታታይ ድራማ ሊል የምትባል አፈኛ የመጠጥ ቤት ባለቤት ሆና አሥራ ዘጠኝ ዓመት ተጫወተች። መዝጊያ ሰዓት ሲደርስ ሁለት እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ፣ «በሉ ጨልጡና ውጡልኝ! እግሬ እንጨት አይደለም!» ትላለች፤ አገር ይስቃል። አንድ ቀን የሚቀጥለው ክፍል ጽሑፍ በፖስታ መጣላት። ቁርሷን እየበላች ገጽ አሥራ አንድ ላይ ስትደርስ ሊልን የዳቦ መኪና ገጭቶ ገድሏታል። የነገራት ሰው የለም፤ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርታ እንጀራዋ መቆረጡን ከወረቀት አነበበችው። ያን ቀን ደውላ፣ «ፔግ፣ ሞቻለሁ» ብላ ስትስቅ፣ ሳቋ መሀል ላይ ወደ ልቅሶ ዞረ። ከዚያ በኋላ የቀራት የገና ሰሞን የልጆች ትርኢትና የሱቅ ምረቃ ነበር። መንገድ ላይ ሕፃን ሽማግሌው «ጨልጡና ውጡልኝ!» ይላታል። ፈገግ ትልና ታልፋለች። ስሟን የሚያውቅ የለም።

በሰባ ስድስት ዓመቷ ሎርን ጠራት። አዲስ ተውኔት፤ እሷ ዋና ተዋናይ። የምትጫወተው ልጇ የከሰል ማዕድን ጉድጓድ ውስጥ ተቀብሮ የቀረባትን እናት ነው፤ ጉድጓዱ በጡብ ተደፍኗል፣ እሷ ግን ይመጣል ብላ የቤቷን በር ክረምት ከበጋ ከፍታ ትኖራለች። በመጨረሻ ትነሣና ለጎረቤቶቿ፣ «በሩን ዝጉት። የሚመጣ የለም» ትላለች። ያቺ ናት የመጨረሻዋ ቃል። ቤሪል ጽሑፉን አቅፋ ፔግ ቤት አረፈች። «ፔግ፣ ሊልን ቀብሬ በራሴ ስም ልሞት ነው» አለች። ፔግ ጡረታ ከወጣች ቆይታለች፤ ግን ለዚህ ተውኔት ወደ በርጩማዋ ተመለሰች።

ምልክቱ ወዲያው ታየ። ቤሪል ውኃ የሌለበት ማንቆርቆሪያ እሳት ላይ ትጥዳለች። ዛሬ ምን ቀን ነው ብላ በአንድ ቁርስ ሦስት ጊዜ ትጠይቃለች። በልምምድ ላይ ቃል ሲጠፋባት ፔግ ቀልጠፍ ብላ ሹክ ስለምትላት፣ ከጎን የቆመው ተዋናይ እንኳ አይሰማም። «እርጅና ነው፤ እኔስ መነጽሬን ግንባሬ ላይ አድርጌ እፈልገው የለ?» ትላለች ፔግ ለራሷ። መንገር ያን ጊዜ ነበር። ግን መሐላው «መድረክ ላይ ከጠፋሁ» ነው የሚለው፣ ልምምድ መድረክ አይደለም ብላ ራሷን አታለለች። ሰው ሲፈራ ጠበቃ ይሆናል።

ከትርኢቱ በፊት በነበረው የመጨረሻ ልምምድ ቶቢ የሚባለው ወጣት አዘጋጅ፣ «ሚስ ሃርጌት፣ የመጨረሻዋንም ይበሏት እባክዎ፤ መብራቱን የምናጠፋው በሷ ነው» አለ።

«ልጄ፣ ቤቱን ልታዘጋው ነው?» አለች ቤሪል።

«ኧረ ይሄ አጉል እምነት ነው!»

ፔግ ከጥጓ ብድግ አለች። «አይባልም ብላለች፣ አይባልም! አንተ ሳትወለድ ጀምሮ እንዲህ ነው የኖርነው!»

ቶቢ እጁን አነሣ። ቤሪል «ላ ላ ላ» አለችና ፔግን ጠቀሰቻት። ወይ ፔግ! ምነው ያን ጊዜ አፍሽን በቆረጠው! ቃሏ በባዶ አዳራሽ ብትጠፋ ኖሮ የሚያየው አምስት ሰው ነበር።

የመጀመሪያው ትርኢት ረቡዕ ከሰዓት በኋላ፣ ለጡረተኞች ነበር፤ ሁለተኛው ያኑ ዕለት ማታ ነው። አዳራሹ በካፖርትና በከረሜላ ወረቀት ኮሽታ ተሞልቷል። ቤሪል ሁለት ሰዓት ሙሉ፣ አንዲት ቃል ሳትስት፣ ያቺን እናት ሆነች። የከረሜላው ኮሽታ ቆመ፤ የሚያለቅስ ሰው ይሰማል። ፔግ ጽሑፉን በጣቷ እየተከተለች፣ «አወጣችው! አወጣችው!» ትላለች በልቧ። ቤሪል ከወንበሯ ተነሣች። ወደ ተከፈተው በር አየች።

ዝም።

ታላላቅ ተዋናዮች እዚህ ላይ ዝም ይላሉ፤ ፔግ ታውቃለች። እስከ ሦስት ቆጠረች። «በሩን ዝጉት» አለች በሹክታ። ቤሪል አልሰማችም። ደገመችላት፤ ፊት የተቀመጡት ሰሙ። ቤሪል ወደ ጥጉ ዞረችና እንደ ሕፃን ፈገግ አለችላት። ከዚያ ሁለት እጇን ወገቧ ላይ አደረገች።

«በሉ ጨልጡና ውጡልኝ! እግሬ እንጨት አይደለም!»

አገር የሚያውቃት ንግግር ናት። ከዚያ ሳቁ ፈነዳ። የሚወዷት ሊል መጣችላቸው! ተነሥተው አጨበጨቡ፣ በዱላቸው ወለሉን ደበደቡ። ጎረቤት ሆነው የቆሙት ተዋናዮች መሬት መሬቱን ያያሉ። ቤሪል እጅ ነሣች፤ ደግማ እጅ ነሣች። መጋረጃውን የዘጋችው ፔግ ናት።

መልበሻ ክፍል ቶቢ ፊቱ አመድ መስሎ ገባ፣ «ግሩም ነበሩ ሚስ ሃርጌት!» ብሎ ጉንጯን ስሞ ሸሸ። ሌሎቹም እንዲሁ። ሁሉም ሲወጡ ቤሪል በመስተዋቱ ውስጥ ፔግን አየቻት።

«እነሱን ተያቸው። እንዴት ነበርኩ?»

ፔግ በሩን ዘጋች። ተንበርክካ እጇን ያዘቻት። «መጨረሻው ላይ ጠፋሽ፣ ቤሪልዬ። የእናትየዋን አላልሽም። የሊልን ነው ያልሽው።»

ቤሪል የእናትየዋን ሻሽ ከራሷ ፈታች። «ለዚህ ነው እንዴ የሳቁት?»

«ለዚህ ነው።»

«ሚስተር ፔንሮዝን ሆንኩ በይኛ።»

ፔግ ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች። ቤሪል መሐረብ ተቀብላ አለቀሰች፤ እንደ ልጅ ድምፅ አውጥታ አለቀሰች። ሲበርድላት የፔግን እጅ ሳመች። «ቃልሽን ጠበቅሽ። የእናትሽን ነፍስ ይማር። በቃ፣ ከእንግዲህ መድረክ አልወጣም። ለቶቢ ንገሪው።»

ፔግ እርጥቡን መሐረብ እንደያዘች ካፖርቷን ልታመጣላት ወደ ኮሪደሩ ወጣች። ግድግዳውን ተደግፋ ትንፋሽ ሰበሰበች። ሃምሳ ሰባት ዓመት የተሸከመችውን አወረደችው። ከአምስት ደቂቃ በላይ አልቆየችም።

ስትመለስ ቤሪል የእናትየዋን ሻሽ እንደገና አስራ፣ ከንፈሯን ቀለም እየቀባች ነው። ዓይኗ ደርቋል፤ ያበራል።

«የት ጠፍተሽ ነው አንቺ? ጭብጨባውን ሰማሽ? ተነሥተው እኮ ነው! ማታም እንዲህ ነው የማደርጋት። በይ፣ እንዴት ነበርኩ? ደግሞ እንዳትዋሺኝ፤ እናቴ ትሙት ብለሽ ምለሻል።»

ፔግ መሐረቡን አየችው። ገና እርጥብ ነው። አንድ ጊዜ ነገረቻት፤ ሁለተኛ ብትነግራት ሁለተኛ ትሞታለች፤ ሦስተኛም። ይሄንን የሚችል አንጀት ከየት ይምጣ? መሐረቡን ኪሷ ውስጥ ደበቀችው።

«ግሩም ነበርሽ፣ የኔ እመቤት» አለች።

ቀለሙን የያዘው የቤሪል እጅ ከንፈሯ ላይ ቆመ። በመስተዋቱ ውስጥ አየቻት፣ አየቻት። ከዚያ ሻሹን ቀስ ብላ ፈታችና ጥጥ አንሥታ ፊቷን መጥረግ ጀመረች።

«ያን ያህል መጥፎ ነበር?» አለች።