ትራሙ በቀረ ማግስት

ልጅ ሳለሁ እናቴ ደብረ ማርቆስ ገበያ ውስጥ ጤፍ ትሸጥ ነበር። መደቧ ከአባባ ኢድሪስ የልብስ ስፌት ቤት በረንዳ ሥር ስለነበር፣ ከትምህርት ቤት ስመለስ ጆንያዋን አስራ እስክትነሳ የምጠብቃት እዚያው በረንዳ ላይ ተቀምጬ ነው። ያኔ አባባ ኢድሪስ ነጭ ቆብ ከራሳቸው የማይለይ፣ ዓይናቸው ደክሞ በመርፌው ክር የምሰካላቸው እኔ የሆንሁ ሽማግሌ ነበሩ። ሲመሻሽ የከሰል ካውያቸውን ክዳን ከፍተው ፍሙን እፍ ይሉታል፤ አመዱ ብን ብሎ ጢማቸው ላይ ያርፋል፤ ካውያውን እርጥብ ጨርቅ ላይ ሲያሳርፉት ደግሞ የሞቀ ጥጥ የሚሸት እንፋሎት በረንዳውን ይሞላዋል። መብራት የጠፋ ዕለት ፋኖሱን ከስፌት መኪናው በላይ ይሰቅሉና፣ እጃቸው ከሥራው ሳይነሳ ወሬያቸው ካርቱም ይገባል።

ካርቱም የወረዱት ጢም ሳያበቅሉ ነው። በመተማ በኩል ከነጋዴዎች ጋር ሄደው መጀመሪያ ተሸካሚ፣ ኋላ የትራም ቲኬት ቆራጭ ሆኑ። እኔ ያኔ እንኳን ትራም ባቡርም አይቼ አላውቅም፤ ከጋሪና ከአውቶቡስ ሌላ በምድር ላይ የሚሽከረከር ነገር ያለ አይመስለኝም ነበር። እሳቸው ግን ሳይሰለቹ ያስረዱኛል።

«አየሽ፣ ከከተማው መሀል፣ ሰዉም አህያውም በሚሄድበት መንገድ ላይ ሐዲድ ተቀብሯል። በሐዲዱ ላይ ቤት የመሰለ ሠረገላ ይሄዳል። ፈረስ አይጎትተው፣ ጭስ አያወጣ። ከአናቱ ሽቦ አለ፤ ጉልበቱን ከሽቦው ነው የሚጠጣ።»

ከእሳቸው በፊት የነበሩት ሠራተኞች በእንፋሎት ሲሄድ እንደደረሱበት፣ ኤሌክትሪኩ ኋላ እንደመጣ፣ መስመሩ ከካርቱም ተነስቶ በነጭ ዓባይ ድልድይ ላይ አልፎ ኦምዱርማን እንደሚገባ፣ ነጂው ደወሉን በእግሩ እየረገጠ ሰውን ከመንገድ እንደሚያስነሳ ነግረውኛል። ከደጀን ቁልቁል የሚታየው የእኛ ዓባይ እዚያ ደርሶ ከነጩ ጋር ይገናኛል ሲሉኝ፣ ውሃው ከእኛ አገር ወጥቶ እኔ ያላየሁትን ትራም ማየቱ ያስቀናኝ ነበር።

አራተኛ ክፍል ሳለሁ ከጋሪ ላይ ወድቄ ቀኝ እግሬ ተሰበረ። ወጌሻው የተቻለውን አድርጎ አሰረው፤ አጥንቱ ግን ተጣምሞ ገጠመ። ከሁለት ወር በላይ ተኝቼ ስነሳ አንዱ እግሬ ከሌላው አጥሮ ነበር። ምርኩዝ ተሠራልኝ። ትምህርት ቤታችን ከከተማው ዳር፣ ከዳገቱ ላይ ነበርና ሌሎቹ ልጆች እየተሯሯጡ በግማሽ ሰዓት የሚወጡት መንገድ እኔን ከአንድ ሰዓት በላይ ይፈጅብኝ ጀመር። በመጀመሪያው ሳምንት ሦስት ቀን በሩ ተዘግቶ ደረስሁ፤ ሦስት ቀን ዘበኛው መለሰኝ። በሦስተኛው ቀን በቀጥታ ወደ ገበያ ወረድሁና እናቴ ፊት ቁሜ አለቀስሁ።

እናቴ ጨካኝ ሴት አልነበረችም። አባቴ ከሞተ ጀምሮ ብቻዋን ያሳደገችኝ፣ ሕመሜ ከእኔ ይልቅ እሷን የሚጠዘጥዛት ሴት ነበረች። ያን ቀን ማታ ጆንያዋን እያሰረች ለአባባ ኢድሪስ እንዲህ ስትል ሰማኋት፦

«በቃ፣ ከቤት ትቀመጥልኝ። በየቀኑ ወድቃ ተነስታ የዘበኛ መሳቂያ ከምትሆን፣ ከእኔ ጋር መደቡን ትጠብቅ። ምን ይሉኛል እርስዎ?»

አባባ ኢድሪስ ካውያውን ከጨርቁ ላይ አንስተው ከድንጋዩ ላይ አስቀመጡት። ሲያወጉ እጃቸው ሥራ ሲፈታ ያየሁት ያን ዕለት ብቻ ነው። የፋኖሱ ብርሃን ከግንባራቸው ሽብሽብ ላይ ይወዛወዝ ነበር።

«እኔ ምን እላለሁ፤ ልጅሽ ናት» አሉ። «አንድ ነገር ግን ላጫውትሽ። ሲት ሐሊማ፣ እመት ሐሊማ እንደ ማለት ነው፣ የምትባል አዋላጅ ነበረች። ቤቷ ካርቱም፣ ሥራዋ ከድልድዩ ማዶ፣ ኦምዱርማን ሆስፒታል። ከልጅነቷ ጀምሮ አንድ እግሯ አይታጠፍም። ጧት ጧት በእኔ ትራም ነው የምትሄድ። ነጂው ከሩቅ ሲያያት ያቆምላታል፤ እኔ ወርጄ እጇን ይዤ አሳፍራታለሁ። አንድም ቀን ጥለናት ሄደን አናውቅም።»

«ከዚያ መኪናው በዛ። ትራሙ አረጀ፤ የተሰበረው ዕቃ አይተካም፤ ሽቦው ከተበጠሰ ቀኑን ሙሉ ቁመን እንውላለን። ባለመኪናዎቹ ደግሞ ይህ ብረት መንገዳችንን ዘጋው ይላሉ። እኛ ሠራተኞቹ ተፈራርመን ማመልከቻ አስገባን። ተቀበሉን፣ ማኅተም መቱበት፣ ከዚያ ወዲያ መልስ የለም። አንድ ቀን አለቃችን ጠርቶ፣ ከነገ ጀምሮ ትራም የለም አለን። ማታ ስትሳፈር ለሲት ሐሊማ ነገርኋት። ‹ሴቶቹ ግን ነገም ይወልዳሉ› አለችኝ።»

እናቴ የጆንያውን ገመድ እንደያዘች ቀረች።

«በማግስቱ ሥራ የለኝም፤ እግሬ ግን ለምዶ ከጣቢያው ወሰደኝ። ሲት ሐሊማ ቁማለች። አውቶቡስ ጢም ብሎ መጣ፤ እሷ እግሯን እስክታነሳ አልጠበቃትም። ሁለተኛውም እንዲሁ። ይኼኔ ልብሷን ሰብሰብ አድርጋ ሐዲዱን ይዛ መሄድ ጀመረች። ‹ወዴት ነው?› ብላት፣ ‹ወደ ሥራዬ› አለች። ተከተልኋት። ያ ድልድይ በትራም ስሻገረው እንዲያ ረጅም መሆኑን አላውቅም ነበር። በዚያ ሐሩር አራት ጊዜ ዐርፈን ተሻገርን። ስንደርስ ፀሐይ ከአናት ላይ ናት። አለቃዋ፣ ‹አሁን ነው የሚመጣ?› ብላ ተቆጣቻት። ‹ዛሬ መንገዱን አላውቀውም ነበር፤ ነገ አውቀዋለሁ› አለች።»

«በነጋታውስ?» አልሁ እኔ፣ ሳላስበው።

«በነጋታውማ ገና ጎሕ ሳይቀድ ወጣች። በሦስተኛውም ቀን እንዲሁ። ስንት ወር ሄደች! ሐዲዱን እየነቀሉ ሲጭኑት እንኳ በሠራተኞቹ ጎን እያለፈች ትሄድ ነበር። በመጨረሻ አብረዋት የሚሠሩት ሴቶች ተመካከሩና ከሆስፒታሉ አጠገብ ክፍል ፈልገው አስገቧት።»

«እርስዎስ?» አለች እናቴ።

«እኔ? እኔማ ሁለት ደህና እግር ይዤ፣ ትራሙ ከቀረ ምን እሠራለሁ ብዬ ከቤት ልተኛ ነበር። እሷን አየሁና አፈርሁ። በዚያው ሳምንት ከአንድ ልብስ ሰፊ ዘንድ ገብቼ መርፌ ያዝሁ።»

ሌላ ምክር አልጨመሩም። ካውያውን አንስተው ፍሙን እፍ አሉት፤ እኛም ወደ ቤታችን ሄድን።

በማግስቱ እናቴ እህል ልታስፈጭ በማለዳ ወፍጮ ቤት ስትሄድ እኔም ተነሳሁ። የጎረቤት ጭስ ገና አልወጣም፤ ሣሩ በውርጭ ነጥቷል። ደብተሬን በማዳበሪያ ከረጢት አንጠልጥዬ፣ ምርኩዜን ይዤ ወጣሁ። ሜዳውን በደህና አለፍሁት። ከዳገቱ ግማሽ ላይ ግን ምርኩዜ ጠጠር ላይ አዳልጦኝ በግንባሬ ተደፋሁ። መዳፌ ተልጦ ደማ። ተነስቼ ጥቂት ሄድሁ፣ ደግሞ ተቀመጥሁ። ልጆቹ በጎኔ እየሮጡ አለፉኝ፤ የመጨረሻዎቹም አለፉኝ። ጥርሴን ነክሼ በምርኩዙ ልነሳ ስል ከኋላዬ የእናቴን ድምፅ ሰማሁ።

«ማን ፈቀደልሽ አንቺ?»

ዱቄት ፊቷ ላይ እንደነጣ፣ ነጠላዋ ከትከሻዋ ወርዶ፣ ከወፍጮ ተመልሳ ከቤት ስታጣኝ እያለከለከች ነው የመጣች። የምትመታኝ መሰለኝ።

«ዛሬ አይደርስም፣ አውቃለሁ» አልኋት እያለቀስሁ። «መንገዱን ልወቀው ብዬ ነው።»

እናቴ ወደ ኋላ፣ ወደ ቤታችን አየች። ቀጥላ ወደ ዳገቱ አየች። ከዚያ ተንበርክካ በነጠላዋ ጫፍ የመዳፌን ደም ጠረገችና ከረጢቱን ከትከሻዬ ወሰደችው።

«ተነሽ። ቀጥይ።»

ልትሸከመኝ ትችል ነበር፤ አልተሸከመችኝም። ከኋላዬ ሁለት እርምጃ ያህል ርቃ፣ ስቆም እየቆመች፣ ስሄድ እየሄደች እስከ በሩ ድረስ መጣች። ባንዲራው ከተሰቀለ ቆይቷል፤ በሩ ተዘግቷል። ዘበኛው በቀዳዳው አይቶን «ሰዓት አልፏል» አለ።

«ሰዓቱ ያለፈው ለእናንተ ነው» አለችው እናቴ። «እሷ ገና ሳይነጋ ጀምራ መንገድ ላይ ናት። ይህን መዳፍ እየው፤ እየውና ዝጋው።»

ዘበኛው አየው። በሩን ከፈተ። እናቴ ከረጢቱን አንገቴ ላይ አጥልቃ፣ «ነገ ትቀድማለች» አለችውና ዞራ ሄደች።

በነጋታው አልቀደምሁም፤ በሦስተኛውም ቀን አልቀደምሁም። ከደወሉ በፊት ለመግባት ሁለት ሳምንት ያህል ፈጅቶብኛል። ክረምቱ ሲገባ ጭቃው ያሸነፈኝና ከመንገድ የተመለስሁበት ቀንም አለ። ግን ዳገቱን ድንጋይ በድንጋይ አወቅሁት፤ የት እንደማርፍ፣ የት ምርኩዜን አግድም እንደማሳርፍ ለየሁ። እግሬ ከዚያ ወዲህ አልተስተካከለም። ትምህርቴን ግን ጨረስሁ።

አሥረኛ ክፍል ስደርስ፣ አባባ ኢድሪስ ደካክመው ካውያውን ማንሳት አቅቷቸው ነበር። ያኔ አንድ ቀን፣ ያን የመሰለ ትራም ሰዎቹ እንዴት ዝም ብለው አስነቀሉት ብዬ ጠየቅኋቸው። «የወሰኑት የሚሳፈሩበት አልነበሩም፣ ልጄ» አሉኝ። በዚያው ዓመት አረፉ።

ዛሬ እዚሁ ደብረ ማርቆስ የጂኦግራፊ መምህር ነኝ። ኋላ ሳነብ የካርቱም ትራም ብቻውን እንዳልጠፋ አወቅሁ። በአውሮፓም በአሜሪካም በየከተማው ትራም ነበር፤ ብዙዎቹ መኪና ሲመጣ አረጀ ብለው ሐዲዱን ነቀሉት፣ አንዳንዶቹም ዘመን ካለፈ በኋላ ተጸጽተው እንደገና ዘረጉት። ይህን ለተማሪዎቼ ሳስተምር ካርታውን እሰቅላለሁ፤ መስመሮቹን እናያለን። እኔ ግን ሁልጊዜ የማስበው መስመሩ በቀረ ማግስት ከየጣቢያው ቁመው የቀሩትን ሰዎች ነው። በመጽሐፍ ውስጥ አላገኘኋቸውም። ስንቶቹ ወደ ቤታቸው ተመለሱ? ስንቶቹ በእግራቸው ሄዱ?

ከአባባ ኢድሪስ ወሬ በውስጤ የቀረው እንግዲህ ይህ ነው። ስለ ደወሉና ስለ ሽቦው የነገሩኝ ብዙው ከአእምሮዬ ደብዝዟል። ከላይ ሆነው የሚወስኑ ሰዎች መንገድ ሊያቋርጡብኝ እንደሚችሉ፣ መሄዴን ግን ሊወስኑልኝ እንደማይችሉ ግን አልረሳሁም።

ባለፈው ዓመት ነዳጅ ጠፍቶ ባጃጆቹ ወደ እኛ ትምህርት ቤት መውጣት ሲያቆሙ፣ ከክፍሌ ሦስት ልጃገረዶች ከትምህርት ቀሩ። ሩቅ ሰፈር ነው የሚኖሩት። በየቤታቸው ሄድሁ። የአንደኛዋ እናት፣ «መንገዱ አስፈራኝ፤ ባጃጁ እስኪመለስ ትቀመጥ» አለችኝ። ድምፅዋ የማውቀው ድምፅ ነበር። «ጧት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ከደጃፍሽ እቆማለሁ፤ አብረን እንሄዳለን» አልኋት። እግሬን አየች። አየኋት። ልጅቷ በማግስቱ ደብተሯን ታቅፋ ከደጃፍ ቁማ ጠበቀችኝ።

ሌሎችም ልጆች ተጨምረው አሁን ዘጠኝ ሆነናል። በእኔ እግር ልክ ስለምንሄድ ቀስ ብለን ነው፤ እስከ ዛሬ ግን ያልደረስንበት ቀን የለም።