አፏ የተፈታላት ሴት

ኮራል ኑንጋራዪ መናገር ካቆመች ስምንት ወር አልፏታል። አልታመመችም፣ ምላሷም አልተሳሰረም። ባሏ ሞተባት፤ በሕጋቸው ባሏ የሞተባት ሴት ደግሞ የሟቹ እህቶች አፏን እስኪፈቱላት ድረስ ቃል አይወጣትም። አንዷ ዓመት ትቆያለች፣ ሌላዋ ሁለት። እስከዚያ በእጇ ታወራለች። የሟቹ ስም አይጠራም፤ እዚህም አይጠራም።

በሞተ በማግሥቱ ቤታቸው በቅጠል ተጠረገ፣ በጭስ ታጠነ፣ ተዘጋ። ጠመንጃውንና ብርድ ልብሶቹን የሩቅ ዘመዶቹ ወሰዱ። ኮራል ፀጉሯን ተላጭታ፣ ፊቷንና ደረቷን ነጭ አፈር ተቀብታ፣ ከመንደሩ በስተምሥራቅ ወዳለው የሴቶች ሰፈር ገባች። እዚያ ባል የሞተባቸው፣ ባል ያስመረራቸውና ባል ያልፈለጉ ሴቶች በቆርቆሮ መከለያ ሥር ጎን ለጎን ይተኛሉ። ውሾቻቸውም አብረዋቸው ይተኛሉ።

በእጅ የማይባል ነገር የለም። ዱቄት ምልክት አለው፣ አርጃኖ አለው፤ ዝናብም፣ የጭነት መኪናም፣ ቅናትም፣ አማትም አላቸው። ሴቶቹ ሁሉ ከልጅነታቸው ያውቁታል፤ ቀልድም ሐሜትም ይሠራበታል። ኮራል በስምንት ወር ውስጥ አፏን የፈለገችበት ቀን ትዝ አይላትም።

የተወለደችው ከመንደሩ የሁለት ቀን መንገድ ርቆ፣ ከደረቅ ወንዝ አሸዋ ተቆፍሮ በሚወጣ ውሃ አጠገብ ነው። ያ ውሃ የደረቀ ዓመት እናቷ ይዛት ወደዚህ መንደር፣ ወደ ሚሲዮኑ መጣች፤ እዚያ ዱቄትና ስኳር ነበር። ኮራል ያኔ ሰባት ዓመት ቢሆናት ነው። ሚሲዮናውያኑ ቀሚስ አለበሷት፣ ስም ሰጧት፣ መዝሙር አስተማሯት። አባቷ ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ አንድም ቀን አልገባም። እሑድ እሑድ ባሕር ዛፉ ሥር ተቀምጦ ሚስቱና ልጁ እስኪወጡ ይጠብቃል።

"ዛሬስ ምን አሉ?" ይላል።

ይነግሩታል።

"ደህና ታሪክ ነው። የማን አገር ታሪክ ነው?"

"ሩቅ ነው አሉ።"

"እንግዲያ የዚያ አገር ሰዎች ይጠብቁት" ብሎ ይነሣል።

ኮራል ግን መዝሙሩን ወደደችው። የሚሲዮኑን አንሶላ እያጠበች ስትዘምር ሃያ ዓመት ኖረች። በሕፃንነቷ ለታጨችለት፣ ዐሥራ አምስት ዓመት ለሚበልጣት ሰው ተዳረች። አራት ወለደች፣ ሁለቱን ቀበረች። ባሏ በነጮች ከብት እርባታ ሲሠራ ፈረስ ጉልበቱን ሰበረውና መንደር ዋለ፤ መንደር ሲውል ቤተ ክርስቲያን አዘወተረ፤ ኋላም የጉባኤው አገልጋይ ሆነ። ብዙ የሚናገር ሰው አልነበረም።

ሚሲዮናውያኑ ለቀው በሄዱ በሁለተኛው ዓመት፣ ይህ የማይናገር ሰው አንድ ነገር ተናገረ። "አባቶቻችን የጥንቶቹን ታሪክ ሲነግሩን ገላቸውን ተቀብተው፣ መሬቱን በእግራቸው እየመቱ ነበር። እኛ የኢየሱስን ታሪክ ወንበር ላይ ተቀምጠን የምንሰማው ለምንድን ነው?" አለ። ከዚያ እሱና ኮራል አንድ በጋ ሙሉ ተቀምጠው ሃያ ሦስት አጫጭር ስንኞች አወጡ፤ ከመያዙ እስከ መነሣቱ። ወንዶቹ ይጨፍራሉ፣ ሴቶቹ ተቀምጠው ይዘምራሉ። ሽማግሌዎቹ ሁለት ቀን ሙሉ አዳመጡና እንዲህ አሉ፦ "የሚያስቀይም ነገር የለበትም። ነገር ግን በእኛ ዜማ ከሆነ በእኛ ሥርዓት ነው። ስንኝ አይዘለልም፣ አይደገምም።" ከዚያ ወዲህ በየፋሲካው ሲዘመር አንድም ጊዜ ተሳስቶ አያውቅም። ቅደም ተከተሉ የነበረው በሁለት ሰዎች ጭንቅላት ውስጥ ነው። አሁን በአንዷ ብቻ ቀረ።

ፋሲካ ሦስት ሳምንት ሲቀረው ፓስተሩ ወደ ሴቶቹ ሰፈር መጣ። ፓስተሩ ሃሮልድ የኮራል ልጅ ባል ነው። አማች የሚስቱን እናት አያይም፣ አያናግርም፣ ስሟንም አያነሣም። ሃያ ዓመት እሱ ሲሰብክ እሷ ከምሰሶ ጀርባ ተቀምጣ ትሰማው ነበር። አሁንም ሠላሳ እርምጃ ያህል ርቆ፣ ጀርባውን ሰጥቶ ቆመና የሟቹን ታላቅ እህት ፔጊ ናንጋላን በወገን ስሟ ተጣራ።

"ናንጋላ፣ እዚያ ላለችው አንድ ነገር ንገሪልኝ።"

"ለየትኛዋ? እዚህ ዐሥራ አንድ ነን፤ ከውሾቹ ጋር ሠላሳ።"

"ታውቂያታለሽ።"

"እንጃ። ስም የላትም?"

ሴቶቹ ሳቁ። ሃሮልድ መሬቱን በጫማው ጫረ።

"ከአራት መንደር ሰው ይመጣል። ያለ እሷ ዝማሬው አይወጣም። የወንድምሽ ሥራ ነው እኮ፣ ናንጋላ።"

"አፏን ፍቺላት ነው የምትለኝ? ገና ስምንት ወሯ ነው! አንተ ነህ ሕግ የምትነግረኝ?"

"አልነግርሽም። እየለመንኩሽ ነው።"

"ኢየሱስ በመቃብር የቆየው ሦስት ቀን ነው፣ ለወንድምሽ ስምንት ወር ይበቃዋል ልትል ነው።"

"ኧረ አላልኩም!"

"ልትል ነበር። ጀርባህ ይናገራል።"

ኮራል እሳቱ አጠገብ ተቀምጣ የአርጃኖ ቆዳ ትገፍፍ ነበር። ሁሉንም ሰማች። እጇ አላቆመም። ደስም አላላት፣ አልከፋትም። የሚወራው ስለ ሌላ ሰው ይመስል ነበር።

ፔጊ ግን ሌሊቱን አሰበችበት መሰል፣ ጠዋት ከሁለት እህቶቿ ጋር ተማክራ መጣችና፣ "ከስቅለት በፊት እንፈታሻለን" አለቻት። "ሕጉ በእኛ እጅ ነው፤ የምናሳጥረውም እኛው ነን። የወንድሜ ዝማሬ በሰው ፊት ከሚዋረድ ይኼ ይሻላል።"

ኮራል በእጇ፣ "ተይኝ" አለች።

ፔጊ ፊቷን ወደ ማገዶው አዞረች። በእጅ ንግግር ያላየ ሰው አልሰማም ነው። ኮራል ዞራ ፊቷ ቆመችና ደገመችላት። ፔጊ ዓይኗን ጨፈነች። "ጭስ ገባኝ" አለች።

ነገሩ እንዲህ ነው፦ የታሰረችው ሴት እንዲፈቷት ወይም እንዳይፈቷት የምትለው የላትም። እህቶቹ ያስራሉ፣ እህቶቹ ይፈታሉ።

ኮራል ለምን እንደማትፈልግ ለማንም አልተናገረችም። ባሏ በሞተባት ጠዋት፣ እሱ በዳሱ ሥር ተጋድሞ ነበር። ሻይ አፍልታ አጠገቡ አስቀመጠች፤ አልነካውም። "ሻይህ በረደ" አለችው። "ይብረድ" አላት። ወደ መደብሩ ሄዳ ስትመለስ ሰዎች ተሰብስበው ነበር። ከዚያ በኋላ አልቅሳለች፣ ጮኻለች፤ ቃል ግን አልወጣትም። በአፏ የተናገረችው የመጨረሻ ነገር ያ የሻዩ ነገር ነው። አንድ ቃል ከጨመረች ያ የመጨረሻ መሆኑ ይቀራል። ይህን እንደ ሐዘን አትቆጥረውም። አንድ ሰው ያስቀመጠውን ዕቃ ከቦታው እንዳለማንሣት ያለ ነገር ነው። ሆድ ይፍጀው ብላ ተወችው።

በዚያ ሳምንት ብሮንዊን መጣች። ብሮንዊን የዩኒቨርሲቲ ሰው ናት፤ የጥንቱ ሕግና ክርስትና በእነዚህ ሰዎች ዘንድ እንዴት እንደሚኖሩ ታጠናለች። ሦስት ዓመት ተመላልሳለች፤ ቋንቋቸውን እየተንተባተበች ትናገራለች። መጀመሪያ ሲቀበሏት ያለ ወገን የሚኖር ሰው የለምና ኑንጋራዪ ብለው ወገን ሰጧት፤ በዚህም የኮራል እህት ሆነች።

"ናንጋላ፣" አለች ደብተሯን ገልጣ፣ "ይኼ ዝምታ ለጥንቱ ሕግ ብቻ ነው ወይስ ለእግዚአብሔርም ነው?"

ፔጊ ከእግሯ እስከ ራሷ አየቻት።

"ቆይ እስቲ። አንቺ ማነሽ?"

"ብሮንዊን ነኝ።"

"እሱን አይደለም። ወገንሽን።"

"ኑንጋራዪ።"

"ኑንጋራዪ! በእኛ ሕግ የእህት ባል ባል ነው፤ ታዲያ ወንድሜ ያንቺም ባል አልነበረም? እህትሽ ስምንት ወር ዝም ስትል አንቺ እንደ በቀቀን ትለፈልፊያለሽ። አፍሽን ማን ፈታልሽ?"

ሴቶቹ መሬት ላይ እስኪንከባለሉ ሳቁ። አንዷ ነጭ አፈር አንሥታ፣ "ነይ ልቀባሽ፣ ምስኪን!" አለቻት። ብሮንዊን አብራ ሳቀች፣ ከዚያ ፊቷ ቀላ፣ ደብተሩን ዘጋች። በማግሥቱ ያለ ደብተር መጥታ ከኮራል ጎን ተቀመጠችና እስኪመሽ አንድም ቃል አልተናገረችም። "ወይ ጉድ፣ የምሬን መሰላት" አለች ፔጊ። ኮራል ሻይ ቀዳችላት። መምጣቷም አለመምጣቷም ለእሷ አንድ ነበር።

ከስቅለት በፊት በነበረው ሐሙስ ጠዋት ሦስቱ እህቶች መጡ። ፔጊ በረመጥ የተጋገረ ቂጣ ይዛ ነበር። ሴቶቹ ተሰብስበው ጥቂት አለቀሱ። ፔጊ ቂጣውን ቆርሳ የኮራልን ከንፈር ሦስት ጊዜ አሻሸችው፤ ከዚያ አጎረሰቻት። ኮራል አኘከች፣ ዋጠች።

"በይ። ተፈተሻል። ተናገሪ።"

ሁሉም ጠበቁ። ኮራል አፏን ከፈተች። ትንፋሽ ወጣ። መልሳ ዘጋችው። ከዚያ እጇን አንሥታ ምልክት ሰጠች።

"ምን አለች?" አለች ከኋላ ያለች አሮጊት፣ ዓይኗ የደከመ።

"ጨው አነሰው አለች!"

ሳቁ፤ ፔጊም ሳትወድ ሳቀች። ከዚያ ግን ጎንበስ ብላ በዝቅተኛ ድምፅ፣ "ስሚኝ ዋርሳዬ፣ በሕጉ በኩል ያለውን ጨርሰናል" አለች። "ከእንግዲህ ዝም ካልሽ ዝምታው ያንቺ ነው። በእኛም በወንድሜም አታሳብቢ።"

ኮራል በእጇ፣ "እሺ" አለች። አስከትላም፣ "በእጄ እመራለሁ፤ እናንተ ዘምሩ" አለች።

ሃሮልድ ከሩቅ፣ ጀርባውን ሰጥቶ፣ "ተናገረች?" አለ።

"አዎ፣ ቂጣዬን ሰደበችው!" አለች ፔጊ።

በስቅለት ዕለት ፀሐይ ስታዘቀዝቅ የአራቱ መንደር ሰዎች ሜዳው ላይ ተሰበሰቡ። ሴቶቹ በረድፍ ተቀመጡ፤ ኮራል እጇን እንዲያዩ ፊቷን ወደ እነሱ፣ ጀርባዋን ወደ ጨፋሪዎቹ አድርጋ ተቀመጠች። ሌላ ጊዜ ኢየሱስን ሆኖ የሚጨፍረው ባሏ ነበር። ዘንድሮ ሃሮልድ ነው፤ ስለዚህም ዞራ መቀመጧ ተገቢ ነበር። የእግራቸውን ድምፅ ከኋላዋ ትሰማለች። በጣቶቿ ትቆጥራለች፣ ስንኙን ትሰጣለች፣ ፔጊ ታነሣዋለች፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ።

እስከ ዐሥራ ሰባተኛው ድረስ ደህና ሄደ። ዐሥራ ሰባተኛው የመቃብሩ ነው። ሲያልቅ ኮራል የሚቀጥለውን፣ የሴቶቹን ለቅሶ ሰጠች። ነገር ግን ፀሐይዋ ከኮራል ትከሻ ኋላ ወርዳ በቀጥታ የሴቶቹን ዓይን ትወጋ ነበር። ፔጊ ዓይኗን በእጇ ጋረደች፣ አጠበበች፣ ምልክቱን ያየች መሰላትና መቃብሩን ደግማ አነሣች። ሌሎቹ ተከተሏት።

ኮራል እጇን አጥብቃ ደገመች። አላዩም። አንድ ቃል ይበቃ ነበር። ቃሉ ጉሮሮዋ ድረስ መጣ፤ በምላሷ ላይ ክብደቱ ተሰማት። ከኋላዋ ወንዶቹ ግራ ተጋብተው ቆሙ፣ ከዚያ ሃሮልድን እንደገና አንሥተው ወደ መቃብሩ ወሰዱት። ባሏ ያወጣው ዝማሬ ለመጀመሪያ ጊዜ በሰው ፊት ተሳሳተ። እሷ አፏን ዘግታ እጇን ጭኗ ላይ አሳረፈች፣ ደግመው እስኪጨርሱም ጠበቀች። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ምላሱን ሲያጮህ ተሰማ። ከዚያ ለቅሶውን ሰጠች፣ አሁን አዩዋት፣ ቀጠሉ።

እንግዶቹ አላወቁም። "እነዚህ ሁለት ጊዜ ነው የሚቀብሩት" ተባብለው አለፉ። ሰኞ ጠዋት የጭነት መኪኖቹ ሲሄዱ ፔጊ ኮራል አጠገብ መጥታ ተቀመጠች።

"አንድ ቃል ነበር እኮ" አለች።

ኮራል፣ "አዎ" አለች በእጇ።

"አውቀሽ፣ እያየሽ ተውሽው።"

"አዎ።"

ብሮንዊን ደብተሯን ይዛ መጥታ ነበር፤ ለመጠየቅ ፈርታ ቆማለች።

"ምን ትፈልጊያለሽ?" አለቻት ፔጊ።

"አሁን ዝም ያለችው… በምን ልጻፈው? ሕጉ ፈቷታል። ቤተ ክርስቲያኑም አላዘዛትም።"

"ባሏ ሞተባት ብለሽ ጻፊ።"

ብሮንዊን ጻፈችው።

ኮራል እስከ ዛሬ አልተናገረችም። ፔጊ ሁለት ወር አኮረፈቻት፤ አንድ ቀን አርጃኖ ይዛ መጣች፣ ታረቁ። ኮራል እሑድ እሑድ ከምሰሶው ጀርባ ትቀመጣለች፣ ሲዘምሩ እጇ ጭኗ ላይ ዜማውን ይመታል። በሚቀጥለው ፋሲካ ሽማግሌዎቹ ሜዳውን አዞሩት፤ ፀሐይዋ በዘማሪዎቹ ጀርባ፣ በኮራል ዓይን ላይ ሆነች። ዓይኗን ጨፍና በእጇ መራች፤ ሃያ ሦስቱም በየተራቸው ወጡ።