ብርድ ልብስ ማጠፍ ያቃተው ባሌ

ባሌ የጦርነት ታሪክ አጥኚ ነው። በቴሌቪዥን ፕሮግራሙ ላይ ጄኔራል አያቀርብም፤ የሚፈልገው ውሃ ያመላለሰውን፣ ምሽግ የቆፈረውን ተራ ወታደር ነው። ቤት ውስጥ ግን አንድ ብርድ ልብስ ማጠፍ ያቃተው ሰው ነው። በየጠዋቱ ጠቅልሎት ይቆማል፤ እኔም "አንተ ሰውዬ፣ ወዲያ በል" እያልኩ እቀማዋለሁ።

ባለፈው ሳምንት አንድ አዛውንት ወታደር ፕሮግራሙ ላይ ቀርበው ነበር። ካሜራውን ሲያዩ ምላሳቸው ተሳሰረ። "ግዳጃችንን ተወጥተናል" ብቻ አሉ። ባሌ አልጎተጎታቸውም። አጠገቡ የነበረውን የወታደር ብርድ ልብስ አንስቶ ማጠፍ ጀመረ፤ ያንኑ የቤቱን አስቀያሚ አጣጠፍ። አዛውንቱ ጥቂት ታገሱና አልቻሉም።

"ልጄ፣ እንዲህ ከያዝከው ዝናብ ያበሰብሰዋል፤ አምጣው" ብለው ነጠቁት።

እጃቸው ሲያጥፍ አፋቸው ተፈታ። አንድ ብርድ ልብስ አብሯቸው ይለብስ ስለነበረው ጓደኛቸው አወሩ። እሱ ከሞተ በኋላም ግማሹን ትተውለት ይተኙ ነበር።

እኔ ቤት ሆኜ በቴሌቪዥን ሳይ አልቅሼ ሳልጨርስ ተናደድኩ። ለካ ያውቅበታል። እኔስ ብሆን የሆዴን ሁሉ የምዘረግፍለት ብርድ ልብሱን እያጠፍኩ አይደል? የእህቴን ኩርፊያ፣ የአለቃዬን ነገር፣ እናቴን የቀበርኩ ሰሞን ለማንም ያልተነፈስኩትን።

በማግስቱ ጠዋት ያንኑ ጥቅልል ታቅፎ ቆመ። ደርሼብሃለሁ ልለው አፌ ላይ መጣና ዋጥኩት።

"አምጣው ወዲህ" አልኩት። "ትናንት ቢሮ ምን እንዳጋጠመኝ ታውቃለህ?"